ጉትካን የመከልከል ሥልጣን የማን ነው? በሚታኘክ ትምባሆ ላይ የሚነሳው የፍርድ ቤት ክርክር

እ.ኤ.አ. ሴፕቴምበር 27 ቀን 2022 በሕንድ የዴልሂ ከፍተኛ ፍርድ ቤት አንድ ከባድ ውሳኔ ሰጠ። የከተማዋ አስተዳደር ከ2015 እስከ 2021 በጉትካ፣ በፓን ማሳላና በመሰል የሚታኘኩ ምርቶች ላይ ያወጣቸውን የክልከላ ትዕዛዞች በሙሉ ሻረ። አራት ወር ሳይሞላ፣ ጃንዋሪ 2023፣ የማድራስ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ደግሞ የደቡብ ሕንዷን ግዛት የታሚል ናዱን ክልከላ ሻረ። ከዚያ ነገሩ ተገለበጠ። ኤፕሪል 10 ቀን 2023 የዴልሂ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ይግባኝ ሰሚ ችሎት የቀድሞውን ውሳኔ ሰርዞ ክልከላውን መለሰ። በዚያው ወር በ25 የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት የማድራሱን ውሳኔ አገደ።

በሰባት ወር ውስጥ አራት ጊዜ ወዲያና ወዲህ ማለት ነው። በየመሃሉ ሕዝቡ የሰማው ወሬ ግን አንድ ዓይነት ነበር። አንዴ "ፍርድ ቤት ጉትካን ፈቀደ"፣ ሌላ ጊዜ "ፍርድ ቤት ጉትካን ከለከለ"።

ሁለቱም አባባሎች ያሳስታሉ። ከእነዚህ ዳኞች መካከል ጉትካ ጉዳት የለውም ያለ አንድም የለም። ክርክሩ ሌላ ቦታ ነው። የመከልከል ሥልጣን ያለው ማን ነው? በየትኛው ሕግ? ለምን ያህል ጊዜ? እነዚህ ደረቅ የሥርዓት ጥያቄዎች ይመስላሉ። የብዙ ሚሊዮን ሰዎች ጤና የተንጠለጠለው ግን በእነሱ ላይ ነው። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታትም ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

የምን ምርት ነው የምናወራው?

ጉትካ የብዙ ነገር ድብልቅ ነው። ዋናው የተፈጨ የአሬካ ፍሬ ነው፤ ከዘንባባ ወገን የሆነ ዛፍ ፍሬ ነው። በእሱ ላይ ትምባሆ፣ የኖራ ዱቄት፣ ካቴቹ የሚባል ከግራር መሰል ዛፍ የሚወጣ ጭማቂ፣ ከዚያም ማጣፈጫና ሽታ ይጨመራል። በትንንሽ እሽግ ይሸጣል። ፓን ማሳላ ተመሳሳይ ሆኖ ትምባሆ የሌለበት ነው። ካይኒ ደግሞ ትምባሆ በኖራ ብቻ ታሽቶ ከንፈር ሥር የሚያዝ ነው። ዛርዳ የሚባለው ሽታና ጣዕም የተጨመረበት የትምባሆ ቅጠል ነው።

ኖራው እንዲሁ የገባ አይደለም። የአፍን እርጥበት ወደ አልካላይነት ይለውጠዋል። ያኔ ኒኮቲን በአፍ ስስ ቆዳ በኩል ቶሎ ወደ ደም ይገባል። ሱሱ የሚጠነክረው ለዚህ ነው።

ጉዳቱን በተመለከተ ሳይንሱ ካወቀው ቆይቷል። የዓለም ጤና ድርጅት የካንሰር ምርምር ተቋም ጭስ አልባ ትምባሆን ካንሰር እንደሚያመጡ በተረጋገጠባቸው ነገሮች የመጀመሪያ ምድብ ውስጥ አስቀምጦታል። የአፍ፣ የጉሮሮ ቧንቧና የቆሽት ካንሰር ያመጣል። የአሬካ ፍሬውም ብቻውን፣ ያለ ትምባሆ፣ እዚያው ምድብ ውስጥ ነው። ከአሬካ ጋር የተያያዘ ሌላ ሕመምም አለ። የአፍ ውስጥ ሥጋ እየጠነከረ ይሄድና ሰውየው አፉን በቅጡ መክፈት ያቅተዋል። ይህ ሕመም ወደ ካንሰር ሊለወጥ ይችላል።

የችግሩ ስፋት ደግሞ ይህን ያህል ነው። በ2016–17 በሕንድ በተካሄደው የአዋቂዎች የትምባሆ ጥናት መሠረት 21.4 በመቶ የሚሆኑ አዋቂዎች ጭስ አልባ ትምባሆ ይጠቀሙ ነበር። ወደ 200 ሚሊዮን ሰው ማለት ነው። አጫሾቹ 10.7 በመቶ ብቻ ነበሩ። ስለዚህ በሕንድ የትምባሆ ጉዳይ ሲነሳ ከሚጨሰው ይልቅ የሚታኘከው ይበልጣል። ሲጋራን እያሰበ የተጻፈ ሕግ እዚያ ብዙ ርቀት አይወስድም።

ክልከላው ለምን በምግብ ሕግ በኩል መጣ?

ውዝግቡ ሁሉ የሚመነጨው ከዚህ ስለሆነ ትንሽ ወደ ኋላ መሄድ ያስፈልጋል።

የሕንድ ፓርላማ በ2003 የትምባሆ ቁጥጥር ሕግ አወጣ። ሕጉ ማስታወቂያን ይከለክላል። ከ18 ዓመት በታች ለሆነ ሰው መሸጥን፣ በትምህርት ቤት አቅራቢያ መሸጥን ይከለክላል። እሽጉ ላይ የማስጠንቀቂያ ምልክት እንዲኖር ያስገድዳል። ምርቱን ራሱን ግን አይከለክልም። ይህ ሕግ የሚመለከታቸውን ምርቶች የሚዘረዝር ሰንጠረዥ አለው። የሚታኘክ ትምባሆም ጉትካም እዚያ በስማቸው ተጠርተዋል። ይህን ልብ ይበሉ፤ የአምራቾቹ ጠበቆች ደጋግመው የሚያወጡት ካርድ ይህ ነው።

ግዛቶቹ ግን ለመከልከል የቸኮሉት ከዚያም በፊት ነው። ማሃራሽትራ በ2002 በቀድሞው የምግብ ብረዛ መከላከያ ሕግ ተጠቅማ ጉትካን ለአምስት ዓመት ከለከለች። አምራቾች ከሰሱ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም በኦገስት 2004 ክልከላውን ሻረ። የጎዳዋት ፓን ማሳላ ጉዳይ በሚባል የሚታወቀው ውሳኔ ይህ ነው። በፍርድ ቤቱ አስተያየት የግዛቱ የጤና ባለሥልጣን እንዲህ ዓይነት ክልከላ ለማወጅ ሥልጣን አልነበረውም። ለሕዝብ ጤና ጎጂ የሆነን ነገር በዚያ ሕግ መሠረት በሙሉ መከልከል የማዕከላዊ መንግሥቱ ሥራ ነበር።

ከዚያ በኋላ ሕጉ ራሱ ተቀየረ። በ2006 አዲስ የምግብ ደኅንነትና ደረጃዎች ሕግ ወጣ። የዚህ ሕግ አንቀጽ 30 ለየግዛቱ የምግብ ደኅንነት ኮሚሽነር አዲስ ሥልጣን ሰጠ። ኮሚሽነሩ ለሕዝብ ጤና ሲል ማንኛውንም የምግብ ዓይነት በመላው ግዛቱ ወይም በከፊል መከልከል ይችላል፤ ጊዜው ግን ከአንድ ዓመት መብለጥ የለበትም። በ2011 ደግሞ አንድ ደንብ ተጨመረ። ደንቡ አጭር ነው። ትምባሆና ኒኮቲን በማንኛውም የምግብ ምርት ውስጥ በግብዓትነት እንዳይገቡ ይላል።

ግዛቶቹ ሁለቱን አንድ ላይ ገጠሟቸው። ትምባሆ ምግብ ውስጥ መግባት የለበትም፤ ጉትካ ውስጥ ትምባሆ አለ፤ ስለዚህ ኮሚሽነሩ ጉትካን ይከለክላል። ማድያ ፕራዴሽ በኤፕሪል 2012 የመጀመሪያዋ ሆነች። ኬራላ፣ ቢሃር፣ ማሃራሽትራ፣ ዴልሂ በዚያው ዓመት ተከተሉ። ሌሎቹም ብዙ አልቆዩም። ከዚያ ወዲህ ትዕዛዙ በየዓመቱ ይታደሳል።

ሌላ ሕግ ለምን አልፈለጉም? አማራጭ አልነበራቸውም ማለት ይቻላል። በሕንድ ሕገ መንግሥት የሕዝብ ጤና የግዛቶች ጉዳይ ነው። የትምባሆ ኢንዱስትሪን ግን ፓርላማው በ2003ቱ ሕግ በማዕከላዊው መንግሥት ቁጥጥር ሥር አድርጎታል። በትምባሆ በር መግባት ያልቻለ ግዛት በምግብ በር ገባ።

ማስቲካ ምግብ ከሆነ ጉትካስ?

የመጀመሪያው ትልቅ ጥያቄ እዚህ ላይ ይነሳል። ጉትካ ምግብ ነው ወይ? ጥያቄው ተራ ሰውን ያስገርማል። ሕጋዊ መልሱ ግን ቀላል አይደለም።

የ2006ቱ ሕግ ምግብን በጣም አስፍቶ ነው የተረጎመው። ለሰው ፍጆታ የታሰበ፣ የተቀነባበረም ይሁን ያልተቀነባበረ ማንኛውም ነገር ምግብ ነው ይላል። የታሸገ ውኃ፣ የአልኮል መጠጥና ማስቲካ በስም ተጠቅሰዋል። መድኃኒት፣ መዋቢያ፣ አደንዛዥ ዕፅና የእንስሳት መኖ በስም ወጥተዋል። ትምባሆ ግን ከገቡትም ከወጡትም ዝርዝር ውስጥ የለም።

መንግሥት የሚለው ይህን ነው። ማስቲካ አይዋጥም፤ ይታኘካል፤ ይተፋል። ሕጉ ግን ምግብ ነው ብሎታል። ጉትካም ይታኘካል፤ ጭማቂውም ይዋጣል። ታዲያ በምን ይለያል? ደግሞ ሕጉ ትምባሆን ማስወጣት ቢፈልግ ኖሮ እንደ መድኃኒቱና እንደ መዋቢያው በስሙ ያስወጣው ነበር።

አምራቾቹም ጥሩ መልስ አላቸው። ፓርላማው ለትምባሆ ራሱን የቻለ ሕግ አውጥቷል። በዚያ ሕግ ጉትካ በማስጠንቀቂያ ይሸጣል ተብሏል። በሕግ አተረጓጎም ልዩ ሕግ ከጠቅላላ ሕግ ይቀድማል። ትምባሆ ምግብ ነው ካልን ደግሞ ወደማይሆን ውጤት እንደርሳለን ይላሉ። በምግብ ውስጥ ትምባሆ አይግባ የሚል ደንብ አለ፤ ትምባሆ ራሱ ምግብ ከሆነ ትምባሆ ውስጥ ትምባሆ አይኑር ማለት ነው። አንዱ ሕግ እንዲሸጥ እየፈቀደ፣ ግብር እየተሰበሰበበት፣ ሌላው ከነጭራሹ ያጠፋዋል። ፓርላማ ይህን አስቦ ሊሆን አይችልም ነው ክርክራቸው።

በ2022 የዴልሂው ነጠላ ዳኛ በአብዛኛው ከአምራቾቹ ጋር ተስማሙ። የ2003ቱ ሕግ ለትምባሆ የተሟላና ልዩ ሕግ ነው፤ ትምባሆም በምግብ ሕጉ ትርጉም ምግብ አይደለም አሉ። በ2023 ሁለት ዳኞች ያሉት ይግባኝ ሰሚ ችሎት በተቃራኒው ሄደ። የምግብ ትርጉሙ ሰፊ ስለሆነ እነዚህን ምርቶች ያቅፋል፤ ሁለቱ ሕጎች ደግሞ በየራሳቸው መስክ ስለሚሠሩ አይጋጩም አለ። አንዱ ንግዱንና ማስታወቂያውን ይቆጣጠራል፤ ሌላው አፍ ውስጥ የሚገባውን ነገር ደኅንነት።

ይግባኝ ሰሚው የተሻለው አነባበብ ይመስለኛል፤ ግን ለጉትካ ነው። ጉትካ በመሠረቱ ትምባሆ የተጨመረበት የአሬካ ምርት ነው። "ግብዓት" የሚለው ቃል በደንብ ይገጥመዋል። ሌላ ነገር ያልተቀላቀለበት የትምባሆ ቅጠል ላይ ሲደርስ ግን ቃሉ ይላላል። ግብዓት ሳይሆን ምርቱ ራሱ ነውና። ይህ ልዩነት ትንሽ ይመስላል። የሚቀጥለውን ክፍል ያለ እሱ መረዳት ግን አይቻልም።

ሁለት እሽግ፣ አንድ ጉትካ

በ2012 ክልከላው ሲመጣ አምራቾቹ ቀላል መላ ዘየዱ። ትምባሆ የሌለበትን ፓን ማሳላ በአንድ እሽግ፣ ሽታ የተጨመረበትን ትምባሆ በሌላ እሽግ አድርገው ማቅረብ ጀመሩ። ሁለቱ እዚያው ሱቅ፣ ጎን ለጎን ተንጠልጥለው ይሸጣሉ። ገዢው ሁለቱን ገዝቶ መዳፉ ላይ ይቀላቅላል። ጉትካ ተሠራ ማለት ነው። በወረቀት ላይ ግን ጉትካ የሸጠ ሰው የለም።

ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ይህን ዘዴ ሳያየው አላለፈም። ሴፕቴምበር 23 ቀን 2016 በሰጠው ትዕዛዝ ፓን ማሳላና ሽታ ያለው ትምባሆ በተለያየ እሽግ፣ ብዙ ጊዜም ተያይዘው፣ ከአንድ ቦታ በአንድ ሻጭ እንደሚሸጡ ጠቅሶ የ2011ዱ ደንብ በሚገባ እንዲከበር ለሚመለከታቸው አካላት አዘዘ።

ግዛቶቹ ምላሽ የሰጡት ትዕዛዛቸውን በማስፋት ነው። "ጉትካ" ብቻ ማለቱን ትተው በአንድ እሽግም ይሁን በተለያየ፣ ሽታ ወይም ጣዕም የተጨመረበት የሚታኘክ ትምባሆ በሙሉ ወደሚል አነጋገር ሄዱ። ከጤና አንጻር ትክክል ነበር። እሽጉን ለሁለት በመክፈል የሚመለጥ ክልከላ ክልከላ አይባልም።

በሕግ በኩል ግን ዋጋ አስከፈላቸው። ትዕዛዙ በሰፋ ቁጥር ከጠንካራው መሠረት ራቀ። ጉትካን እንደ ምግብ ማየት ይቻላል። ለብቻው የታሸገ ትምባሆን ምግብ ነው ማለት ግን ከባድ ነው። በዴልሂ ከተከራከሩት መካከል ሽታ ያለው ትምባሆ አምራቾች የነበሩበት ምክንያት ይህ ነው። የመጡት ግድግዳው በሳሳበት በኩል ነው። ክልከላው መላን ወለደ፤ መላው ሰፊ ክልከላን ወለደ፤ ሰፊው ክልከላ ደግሞ ክሱን ወለደ። ስለዚህ ጉዳይ በሚሰጡ አስተያየቶች ይህ ሰንሰለት ሲነሳ ብዙም አይሰማም። እኔ ግን የነገሩ ቁልፍ እዚህ ያለ ይመስለኛል።

"ከአንድ ዓመት ላልበለጠ ጊዜ"

ሁለተኛው ትልቅ ጥያቄ የጊዜ ነው። ሕጉ አንድ ዓመት ይላል። ግዛቶቹ ትዕዛዙን በየዓመቱ ያድሳሉ። አሥር ጊዜ የታደሰ የአንድ ዓመት ትዕዛዝ ጊዜያዊ ነው ወይስ ቋሚ?

የማድራስ ፍርድ ቤት ክልከላውን የሻረው በዋናነት በዚህ ነው። በእሱ አመለካከት ሥልጣኑ የተሰጠው ለድንገተኛ ሁኔታ ነው። አንድ የተበከለ ምግብ ገበያ ላይ ቢገኝ ኮሚሽነሩ ፓርላማን ሳይጠብቅ ያስቆመዋል፤ ምርመራ ይደረጋል፤ ከዚያ በቋሚነት የሚበጀው በሕግ ይወሰናል። ያንኑ ትዕዛዝ በየዓመቱ እየገለበጡ ማውጣት ኮሚሽነሩን ሕግ አውጪ ያደርገዋል። ሕጉ ያልሰጠውን ቋሚ ክልከላ በእጅ አዙር መስጠት ነው።

የዴልሂ ይግባኝ ሰሚ ችሎት ደግሞ አደጋው እስካለ ድረስ ማደሱ ሕጉን አይጥስም የሚል መንገድ ያዘ። ጉትካ ዘንድሮ ካንሰር አምጥቶ በሚቀጥለው ዓመት አይተውም። አደጋው በየዓመቱ አለ፤ ኮሚሽነሩም በየዓመቱ ይመዝናል።

ሁለቱንም ወገን አክብሮ ማየት ይገባል። የማድራሱ አስተሳሰብ ለትምባሆ ኩባንያ ማዘን አይደለም። አንድ ባለሥልጣን ለጊዜው የተሰጠውን ሥልጣን ለዘለዓለም እንዳይዘው የሚከላከል አስተሳሰብ ነው። ነገ ይኸው ሥልጣን ሌላ ነገር ላይ ቢውል ብዙዎቻችን የምንጮኸው በዚሁ ክርክር ነው። በሌላ በኩል ደግሞ ትዕዛዙ አንድ ቀን ሲያልቅ በማግስቱ ያ ሁሉ እሽግ ሱቅ ላይ ይንጠለጠላል። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በኤፕሪል 2023 የማድራሱን ውሳኔ ሲያግድ ክርክሩን ማን እንደረታ አልወሰነም። እግድ ነገሮች ባሉበት እንዲቆዩ የሚያደርግ የመሃል ትዕዛዝ ነው። ብዙ ሰው ግን እንደ መጨረሻ ፍርድ ወሰደው።

ሲጋራው ለምን ይሸጣል?

ሦስተኛው ክርክር ስለ እኩልነት ነው። የሕንድ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 14 በሕግ ፊት እኩልነትን ያረጋግጣል፤ አንቀጽ 19 ደግሞ የመነገድ ነፃነትን፣ ምክንያታዊ ገደብ ሊጣልበት እንደሚችል ጨምሮ። አምራቾቹ ይጠይቃሉ፤ ሲጋራም ይገድላል፣ ቢዲም (በቅጠል ተጠቅልሎ የሚጨስ ትምባሆ) ይገድላል፣ ለምን እኛ ብቻ? የዴልሂው ነጠላ ዳኛ በ2022 ይህን ክርክር ተቀብለውት ነበር። ጭስ ያለውንና ጭስ አልባውን መለያየት አንቀጽ 14ን ይጥሳል ብለዋል።

እውነት ለመናገር ጥያቄው ይከብዳል። ግን የሚያመራው ወዴት ነው? ሁሉንም ጎጂ ነገር በአንድ ቀን ካልከለከልክ አንዱንም አትከልክል ወደሚል። መንግሥት በዚህ ሀገር በብዛት የሚወሰደውን፣ በሳንቲም የሚገዛውን፣ ልጅ ኪስ ውስጥ የሚገባውን ምርት አስቀድሞ ቢነካ ምክንያት የለሽ ነው ማለት ይቸግራል። የሕንድ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 47 የሕዝብን ጤና ማሻሻል ከመንግሥት ቀዳሚ ግዴታዎች አንዱ መሆኑን ይናገራል። ፍርድ ቤቶች ይህን አንቀጽ ከመነገድ ነፃነት ጋር አንድ ላይ ነው የሚያነቡት።

አውሮፓ ውስጥ የታኘከውና ያልታኘከው

የትርጉም ክርክር የሕንድ ብቻ አይደለም። የአውሮፓ ኅብረት ከ1992 ጀምሮ ስኑስን ከልክሏል። ስኑስ ከንፈር ሥር የሚቀመጥ የስዊድን ትምባሆ ነው። ስዊድን በ1995 ኅብረቱን ስትቀላቀል ለራሷ ገበያ ልዩ ፈቃድ አገኘች። የሚታኘክ ትምባሆ ግን አልተከለከለም። ምክንያቱ አሮጌና ጥቂት ተጠቃሚ ያለው ምርት በመሆኑ ነው። ስኑስ ደግሞ ለአብዛኛው አውሮፓ አዲስ ስለነበር ወጣቶችን እንዳይስብ ተፈርቷል።

ስዊዲሽ ማች የተባለው ኩባንያ ሁለት ጊዜ ተከራከረ። የኅብረቱ ፍርድ ቤት በ2004 እና በኖቬምበር 2018 ክልከላውን አጸና። በሁለተኛው ክርክር ስኑስ ከሲጋራ ያነሰ ጉዳት ስላለው አጫሾች እንዲቀይሩት ይፈቀድ የሚል ሐሳብ ቀርቦ ነበር። ጉዳት መቀነስ የሚባለው አስተሳሰብ ነው። ፍርድ ቤቱ ሕግ አውጪው በጥንቃቄ መርህ የመከልከል ሰፊ ምርጫ አለው ብሎ አለፈው። ይህን ክርክር ወደ ጉትካ ማምጣት ግን ልክ አይሆንም። ስኑስ አሬካ የለበትም፤ አመራረቱም ካንሰር አምጪ ኬሚካሎችን ለመቀነስ የታሰበበት ነው።

በኦክቶበር 2018 የተወሰነው የጀርመኑ ጉዳይ የበለጠ ያስተምራል። በባቫሪያ የኬምፕተን ከተማ አንድ የዴንማርክ ምርት እንዳይሸጥ ከለከለች። እሽጉ ላይ "የሚታኘክ ትምባሆ" የሚል አለ። ነጋዴው ታዲያ የሚታኘክ ከሆነ ተፈቅዷል አለ። የኅብረቱ ፍርድ ቤት የሰጠው መልስ ግልጽ ነው። የሚታኘክ ትምባሆ ማለት ካልታኘከ በስተቀር ሊወሰድ የማይችል ነው፤ ቢታኘክም ባይታኘክም አፍ ውስጥ በመያዝ ብቻ የሚሠራ ከሆነ ስሙ ምንም ቢሆን ክልክል ነው። ስሙን ትቶ አገልግሎቱን አየ። የሕንዶቹ መንታ እሽግም የሚፈልገው ይህን ዓይነት አስተያየት ነው።

ብሪታንያ ደግሞ ሌላ ትምህርት አላት። አንድ የአሜሪካ ኩባንያ በ1985 በመንግሥት ድጎማ ጭምር ስኮትላንድ ውስጥ አፍ ውስጥ የሚያዝ ትምባሆ ፋብሪካ ከፍቶ ነበር። መንግሥት ሐሳቡን ቀይሮ በ1989 ምርቱን ከለከለ። ፍርድ ቤቱ ክልከላውን ሻረው። ምክንያቱ መንግሥት የባለሙያዎች ኮሚቴ የሰጠውን ሳይንሳዊ ምክር ለኩባንያው አላሳየም፤ በቂ ምክክርም አላደረገም የሚል ነበር። የመከልከሉን ሥልጣን ግን አልነካም። መንግሥት ምክክሩን በሥርዓቱ ደግሞ በ1992 እንደገና ከለከለ። ያ ክልከላ ጸና።

ሱቅ በራፍ ላይ

የፍርድ ቤት ውሳኔ መጨረሻው የመንገድ ዳር ነጋዴው ነው። ፖሊስ ጉትካ ሲይዝ በየትኛው ሕግ ይክሰስ? በምግብ ሕጉ ብቻ ወይስ በወንጀል ሕጉም? በማሃራሽትራ ፖሊስ በመርዝ ጉዳት ማድረስ በሚለው እስከ አሥር ዓመት በሚያስቀጣ አንቀጽ ጭምር ይከስ ነበር። የቦምቤይ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ይህን አልተቀበለም። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ግን በሴፕቴምበር 2018 በሁለቱም ሕጎች መክሰስ ይቻላል አለ። በ2024 ደግሞ በሌላ የምግብ ደኅንነት ጉዳይ ጤናን የሚጎዳ ምግብ መሸጥን በተመለከቱት የወንጀል ሕግ አንቀጾች ላይ የምግብ ሕጉ የበላይ ነው ብሎ ወሰነ።

ምግብ ነው ወይስ አይደለም የሚለው ክርክር እንግዲህ በደረት ላይ እሽግ አንጠልጥሎ የሚሸጥን ሰው የእስር ዘመን ይወስናል። ፋብሪካው ጠበቃ አለው። ነጋዴው የለውም። ክልከላውን የሚደግፍ ሰው ይህን ማየት አለበት።

ክልከላ አይሠራም የሚሉም አሉ። ሕገ ወጥ ገበያ ይፈጥራል፤ ከአጎራባች ግዛት ይገባል፤ ጥራቱ ይብስ ይበላሻል ይላሉ። ይልቅ ግብር ይጨመር፤ ሱስ ለማቆም የሚረዱ አገልግሎቶች ይስፋፉ ነው የሚሉት። የአሬካና የትምባሆ ገበሬዎች ኑሮም አለ። ሌሎች ደግሞ ጭስ አልባ ትምባሆ የሚጠቀሙ አዋቂዎች በ2009–10 ከነበረበት 25.9 በመቶ ወደ 21.4 መውረዱን ያሳያሉ። ቁጥሩ ተስፋ ይሰጣል። ግን በእነዚያው ዓመታት ግብርም ተጨምሯል፤ የማስጠንቀቂያ ሥዕሉም ከ2016 ጀምሮ የእሽጉን 85 በመቶ እንዲሸፍን ተደርጓል። መቀነሱን ለክልከላው ብቻ መስጠት አይቻልም። ደግሞም በዚያው ጥናት ከጉትካ ይልቅ ብዙ ተጠቃሚ የነበረው ካይኒ ነው፤ የምግብ ሕጉ ለመያዝ በጣም የሚቸገርበት ምርት።

ቋሚ መልስ ከየት ይመጣል?

መንገዱ ቢያንስ ሁለት ነው። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የምግብን ትርጉምና የአንድ ዓመቱን ገደብ አንዴ በግልጽ ቢወስን ከፍተኛ ፍርድ ቤቶቹ በየፊናቸው መሄዳቸው ይቆማል። ይህ ግን ለጉትካ እንጂ ለካይኒ መልስ ላይሆን ይችላል።

ሁለተኛው ፓርላማው ራሱ የ2003ቱን የትምባሆ ሕግ ቢያሻሽል ነው። ያ ሕግ ጉትካን በስሙ ያውቀዋል። አንድ አንቀጽ ቢጨመርበት ጉትካ ምግብ ነው አይደለም ብሎ መከራከር አያስፈልግም። ልዩ ሕግ ይቀድማል የሚለው የአምራቾች ክርክርም ወደ ራሳቸው ይዞራል። የጊዜ ገደብ አይኖረውም። ቅጣቱም ለፋብሪካና ለሱቅ ለየብቻ ሊመዘን ይችላል። ክርክሩ ያኔም አይቀርም፤ የመነገድ ነፃነትና የእኩልነት ጥያቄ ይነሳል። ቢያንስ ግን ጥያቄው ሁለት ሰነዶች እንዴት ይገጣጠማሉ የሚል መሆኑ ይቀራል።

እስከዚያው ግዛቶቹ ሊያደርጉት የሚችሉት ነገር አለ። ትዕዛዙን ሲያድሱ ያለፈውን ዓመት ወረቀት ቀኑን ብቻ ቀይረው ከማውጣት ይልቅ ምርመራውን፣ የተያዘውን ምርት፣ የላቦራቶሪ ውጤቱን፣ የአምራቾቹን መልስ ጭምር ማኖር ይችላሉ። የብሪታንያው ክልከላ በመጀመሪያ የወደቀው፣ በሁለተኛው የጸናው በዚህ ነው። የማድራስ ዳኞች የጠየቁትም የዚህ ቅርብ ዘመድ ነበር። ኮሚሽነሩ በዚህ ዓመት፣ በዚህ ምርት ላይ፣ ምን አይቶ ወሰነ?